ረድኤት ደጅ የቆመችበት እሁድ

ልጅ ስለ ማሳደግ ምክር የምትፈልጉ ካላችሁ ወደ እኔ አትምጡ። ግድግዳ ማስለሰን የሚፈልግ ካለ ግን ይምጣ፤ ሀርጌሳ ላይ አሕመድ ዳጋህ ሰፈር ገብቶ «ያ ኢትዮጵያዊ ለሳኝ» ብሎ ቢጠይቅ እስከ በሬ ድረስ ያመጡታል። ሲያመጡት ታዲያ መንገድ ላይ አንድ ታሪክ ሳይነግሩት አይቀሩም። ያንን ታሪክ ከእነሱ አፍ ከምትሰሙት ከራሴው ብትሰሙት ይሻላል ብዬ ነው ዛሬ የተቀመጥኩት። እነሱ እየጨመሩበት ነው። እኔ እንኳ የሆነውን ብቻ ብናገር ለመሳቂያነት ይበቃኛል።

ነገሩ የሆነው አገር ቤት ጦርነቱ በተፋፋመበት ሰሞን ነው። ባለቤቴ የእናቷን መርዶ ሰምታ ለቅሶ ለመድረስ ወደ ቆቦ ሄደች። ሰልስቱን አውጥታ፣ ትንሽ ቆይታ ልትመለስ ነበር ሐሳቧ። እሷ በገባች ማግስት ጦርነቱ ወደዚያው ወረደና መንገዱ ተዘጋ። ቀጥሎ መብራት ጠፋ፣ ቀጥሎ ስልክ ጠፋ። እኔና የአሥራ ሦስት ዓመቷ ልጃችን ረድኤት እዚህ ሀርጌሳ ሁለታችን ብቻ ቀረን።

የመጨረሻውን ስልክ የደወለች ቀን ጎረቤት ጫጫታ ስለነበር ጣሪያ ላይ ወጥቼ ነው ያነጋገርኳት። «ልጄን አደራ» አለችኝ። «ሰው አገር ናችሁ፣ ሃይማኖቷን አደራ።» ከዚያ ድምጿን ዝቅ አደረገች። «ደግሞ ስለ ረድኤት አንድ ነገር አለ… እንዴት ብዬ ልንገርህ… ኤዶ ሳህራን…» ስትል መስመሩ ተቋረጠ። ደጋግሜ ብደውል አልገባ አለኝ። ለባለቤቴ ፈራሁላት፤ ያን ያህል ለሰው ፈርቼ አላውቅም።

ኤዶ ሳህራ አከራያችን ናት። ኤዶ ማለት በሶማሊኛ አክስት እንደ ማለት ነው፤ ከፍ ያለችን ሴት እንደዚያ እያሉ ነው የሚያከብሩት። ድሬዳዋ ስላደገች አማርኛዋ ከእኔው ይፈጥናል። ድሬ ያደገ ሰው ደግሞ ሚኒስትርም ቢመጣ «አንተ» ነው የሚለው። መጀመሪያ ቤቱን ስንከራይ አንቱ ብላት እስክትንፈራፈር ስቃ፣ «ለማን ነው የምታወራው፣ ከኋላዬ ሰው ቆሟል እንዴ?» አለችኝ። ከዚያ ወዲህ ቤተሰብ ሆነናል። ታዲያ ባለቤቴ «ኤዶ ሳህራን» ካለች በኋላ የቀረውን ቃል ማን ይሙላው? እኔ ሞላሁት። «ኤዶ ሳህራን ጠብቃት» ልትለኝ ነበር አልኩ። ለምን እንደዚያ ሞላሁት ብትሉኝ፣ ሰው ሲፈራ ጭንቅላቱ የሚያቀብለውን ነው የሚወስደው።

ከዚያ በኋላ ከሥራ ስመለስ በየቀኑ እደውል ነበር። የምታነሳው ያቺ «ይቅርታ፣ የደወሉላቸውን ደንበኛ ለጊዜው ማግኘት አይቻልም» የምትለው ሴት ናት። እየቆየ ተላመድን። «እባክሽ እህቴ፣ ዛሬ እንኳ ሞክሪልኝ» እላት ጀመር። ረድኤት አንድ ቀን ሰማችኝና «አባዬ፣ ማሽን እኮ ናት» አለችኝ። ማሽን መሆኗን አውቃለሁ። ግን በዚያ ሰሞን ይቅርታ የሚለኝ ሰው እሷ ብቻ ነበረች።

እንግዲህ ወደ እሁዱ እንምጣ። እዚህ ከተማ የራሳችን ቤተ ክርስቲያን የለንም። እሁድ እሁድ ጋሽ ወርቁ በተከራዩት ሰፋ ያለ ክፍል ተሰብስበን እንጸልያለን። ጋሽ ወርቁ በልጅነታቸው ዲያቆን የነበሩ፣ አሁን ቧንቧ የሚሠሩ ሽማግሌ ናቸው። ግድግዳው ላይ መጋረጃ የለበሰ ሥዕል አለ፤ በሃይላንድ ተሞልቶ ከአገር የመጣ ጸበል አለ። ቆቦ ማን ገባ፣ ከወልድያ ማን ወጣ የምንባባለውም እዚያው ነው። ረድኤት ከሁሉም ቀድማ ገብታ፣ ሥዕሉን ተሳልማ ፊት የምትቆም ልጅ ነበረች። ያን ዕለት በሩ ላይ ስንደርስ ቀጥ አለች። ግቢ ብላት እዚሁ እቆማለሁ አለች። ጸበሉን ደጅ ድረስ ይዤላት ብወጣ ራሷን ነቀነቀችና ወደ መሬት አቀረቀረች።

ይህን ጊዜ እናንተ ገብቷችኋል። እባካችሁ ለእኔ ቶሎ እንዳትነግሩኝ፤ ገና ብዙ የማበላሸው ነገር አለ። ሕጉ ጠፍቶኝ እንዳይመስላችሁ። ባለቤቴ አንዳንድ እሁድ ደጅ ስትቆም ለምን እንደሆነ አውቃለሁ። ረድኤት ግን በእኔ ዓይን ገና ትናንት የወለቀ ጥርሷን ጣሪያ ላይ የወረወርኩላት ልጅ ናት። ልጅ ሴት የምትሆንበትን ቀን የሚነግረኝ ሰው ያለ መስሎኝ ነበር፤ ያ ሰው ደግሞ ስልኳ የማይሠራው ባለቤቴ ነበረች።

ከዚያ እሁድ ጀምሮ ዓይኔ ተከፈተ። ዓይኔ ሲከፈት ደግሞ የሚያየው የተሳሳተውን ብቻ ነው። ረድኤት ከእኔ ቀድማ እየተነሳች፣ ውሃ በጀሪካን ይዛ መታጠቢያ ቤት ትገባለች። በአህያ ጋሪ እየመጣ በሚሸጥ ውሃ፣ እኔ ከሲሚንቶ ሥራ መጥቼ ፊቴን ብቻ በምታጠብበት ውሃ። ቤት ውስጥ አበባ አበባ ቀሚሷን ትታ ጥቁር ሰፊ ቀሚስ መልበስ ጀመረች። ከትምህርት ቤት ስትመለስ ቀጥታ ኤዶ ሳህራ ክፍል ትገባና በሩ ይዘጋል። ከውስጥ ሹክሹክታ፣ ቀጥሎ ሳቅ ይሰማል። እኔ ስመጣ ሳቁ ይቆማል። ነገሩን ሁሉ ሰበሰብኩና ደመርኩት፤ ደጅ መቆም፣ መታጠብ፣ ጥቁር ልብስ፣ ሹክሹክታ። ልጄ እየሰለመች ነው አልኩ።

ኤዶ ሳህራ ላይ ክፉ ነገር አይቼ አላውቅም። የኛን ጾም ከእኔ በላይ የምትቆጥር ሴት ናት፤ በጾም ቀን ሥጋ ሠርታ ሽታው እንዳይረብሸን መስኮቷን ትዘጋለች። ይህ ሁሉ ትዝ አላለኝም። ትዝ ያለኝ «ሃይማኖቷን አደራ» ብቻ ነው። ባለቤቴ በሕይወት መኖሯን ሳላውቅ፣ ብትመጣ ምን ብዬ ነው የማስረክባት እያልኩ እንቅልፍ አጣሁ።

እዚህ ላይ እኔ እንዴት እንደጎረመስኩ ካልነገርኳችሁ ድንቁርናዬ ከየት እንደመጣ አይገባችሁም። ድምፄ የተሰነጠቀ ጊዜ እናቴ ጉንፋን ነው ብላ ፌጦ አጠጣችኝ። አልሻል ሲለኝ ዳማከሴ ጨመቀችብኝ። ይባስ ብሎ ወፈረ። አባቴ ነገሩ ገብቶት ይመስለኛል አንድ ቅዳሜ ገበያ ይዞኝ ወጣ። ከተማውን ሁሉ ዝም ብለን ዞርነው፤ ልንመለስ ስንል ጉሮሮውን ጠራርጎ፣ «እንግዲህ ጎረምሳ ሆነሃል፤ ራስህን ጠብቅ» አለኝ። ከምን ብዬ ብጠይቀው፣ «ጠብቅ ብያለሁ እኮ» ብሎ ተቆጣ። ለረጅም ጊዜ ከጅብ መስሎኝ ዱላ ይዤ ነበር የምወጣው።

ትምህርት ቤትም ቢሆን የሳይንስ መምህራችን ስለ ሰውነት ለውጥ የሚያወራው ምዕራፍ ላይ ሲደርሱ፣ ይህን ቤታችሁ አንብቡት ብለው ወደ እንቁራሪት አለፉ። ቤት ገብቼ ብገልጠው ገጹ የለም፤ ከእኔ በፊት መጽሐፉን የተማረበት ገንጥሎ ወስዶታል። ስለዚህ ስለ ሰው የማላውቀውን ያህል ስለ እንቁራሪት አውቃለሁ። ታላቅ እህቴ በየወሩ ትምህርት ቤት ስትቀር ሆዷን ነው ይሉን ነበር። እኔ ለእህቴ አዝኜ፣ ወስፋት ነው፣ ኮሶ ስጧት እያልኩ እናቴን ስጨቀጭቅ ኖሬያለሁ። እንግዲህ በዚህ እውቀት ነው ያገባሁት፤ በዚህ እውቀት ነው የወለድኩት።

የምማከረው ሰው አያሌው ነው። አያሌው አብሮኝ የሚሠራ ግንበኛ ነው፤ ሚስትም ልጅም የለውም፤ ስለ ሚስትና ስለ ልጅ ግን የማያውቀው ነገር የለም። መወጣጫው ላይ ቆመን ሁሉንም ነገርኩት። ሲሚንቶውን እያማሰለ ብዙ አሰበና፣ ሴት ልጅ ዝም ብላ አትሰልምም፣ ከኋላው ወንድ አለ አለኝ። እኔ አንድ ችግር ይዤ ሄጄ ሁለት ይዤ ተመለስኩ። መፍትሔውም የእሱ ነው፤ ተከተላት አለኝ።

ተከተልኳት። ረድኤትና ኤዶ ሳህራ ዋሄን ገበያ ሊሄዱ ሲወጡ፣ እኔም ሥራ ትቼ ከነልስኔ ከኋላቸው። ዋሄን መንገዱ ጠባብ ነው፣ ሰዉ ይጋፋል፤ መደበቅ ቀላል መስሎኝ ነበር። ከራስ ፀጉሩ እስከ ጫማው ነጭ የሆነ ሰው ግን የትም ቢገባ ይታያል። አንድ ሱቅ በር ላይ ቆመው ወደኋላ ሲዞሩ፣ እኔ ዘልዬ ከአንድ ገንዘብ መንዛሪ የሽልንግ ክምር ጀርባ ቁጢጥ አልኩ። እዚህ አገር መንዛሪዎች ብሩን እንደ ጡብ መሬት ላይ ደርድረው፣ ለሶላት ሲሄዱ በላስቲክ ሸፍነውት የሚሄዱ ሰዎች ናቸው፤ ማንም አይነካባቸውም። ያ ሽማግሌ ዕድሜ ልኩን ክምሩን አምኖ የተቀመጠ ሰው፣ እኔን ሲያይ ለመጀመሪያ ጊዜ ተጠራጥሮ ብድግ አለ። ኮሌታዬን ያዘኝ። የኔ ሶማሊኛ የሲሚንቶና የአሸዋ ሶማሊኛ ነው፤ ሌባ አይደለሁም የሚለው አልነበረበትም። አሸዋ የለም፣ አሸዋ የለም እያልኩ ስምል ሰው ተሰበሰበ።

ያስጣለችኝ ኤዶ ሳህራ ናት። ለሽማግሌው የሆነ ነገር ነገረችው፤ ሳቀና ለቀቀኝ። ምን እንዳለችው እስካሁን አልነገረችኝም። ረድኤት አጠገቧ ቆማ ታየኛለች። ሽንኩርት ልገዛ ነው አልኩ። ሽንኩርት ተራ እዚያ ማዶ መሆኑን ሁላችንም እናውቃለን። ዓይኔ ግን ረድኤት ከጀርባዋ የደበቀችው ጥቁር ፌስታል ላይ ነበር። የመስገጃ ምንጣፍ ነው አልኩ በሆዴ። ምንጣፍ ያን ያህል ትንሽ ፌስታል ውስጥ እንደማይገባ ለመገመት ለሳኝ መሆን እንኳ አያስፈልግም ነበር።

ከዚያ ወዲያ ያለኝ አማራጭ ሽምግልና ነው አልኩ። የሚቀጥለው እሁድ ጋሽ ወርቁንና አያሌውን ግቢያችን ውስጥ ጥላ ሥር አስቀመጥኳቸው። ኤዶ ሳህራን የተከሳሽ ወገን አድርጌ ጠራኋት፤ እሷ ግን የተጠራችበትን ስላላወቀች የወተት ሻሂ በፔርሙዝ ይዛ፣ እንግዳ ልታስተናግድ ነው የመጣችው። ረድኤትን ፊታችን አቆምኳት። በዚያ ሁሉ ሰው ፊት፣ በጠራራ ፀሐይ፣ የገዛ ልጄን አቆምኳት።

ጋሽ ወርቁ በሃይማኖት ስለ መጽናት ረጅም ንግግር ጀመሩ። ስደት እንደሚፈትን ተናገሩ፤ ጾም አነሱ፤ ጸሎት አነሱ። ከዚያ ወደ ረድኤት ዞር ብለው፣ «ልጄ፣ ሳትገቢ ደጅ የቆምሽው ያለፈውን እሁድ ነው?» አሏት። አዎ አለች። «ዛሬስ ገባሽ አይደል?» አሏት። ገባሁ አለች። እውነት ነው፣ ያን ቀን ጠዋት ገብታ ነበር፤ እኔ እሱንም ሽምግልና እንዳለባት አውቃ ልታታልለን ነው ብዬ ተርጉሜዋለሁ። ጋሽ ወርቁ አፋቸውን እንደከፈቱ ቀሩ። ከዚያ አሳላቸው። ነጠላቸውን ሰብሰብ አድርገው ተነሱና፣ የምጠግነው ቧንቧ አለ፣ ውሃው ሳይፈስ አይቀርም ብለው በሩን ከፍተው ሄዱ። እሁድ ቀን ቧንቧ ሠርተው አያውቁም።

አያሌው ግን አልገባውም። እኔም አልገባኝም። አያሌው ወደ ፊት ጠጋ ብሎ፣ ልጁ ማነው፣ ስሙን ብቻ ንገሪን አላት። የረድኤት ዓይን እንባ ሞላ። ዞር ብላ አየችኝ፤ ዝም በል እንድለው ነው የፈለገችው። እኔ ደግሞ፣ «ንገሪው እንጂ» አልኳት።

ኤዶ ሳህራ ፔርሙዙን መሬት ላይ አስቀመጠች። «አቦ ተዋት! ዋላሂ ወንዶች ስትባሉ» አለች። «ልጅቷ የወር አበባዋ መጥቶ ነው። ሌላ ምንም የለም።»

አያሌው ከተቀመጠበት በርጩማ ተንሸራቶ ወረደ። እኔ እንደተቀመጥኩ የምወርድበት ጠፋኝ። ረድኤት ፊቷን በሁለት እጇ ሸፍና ቤት ገባች፤ በሩን ዘጋች። ደጁ ላይ ሄጄ ብጠራት አልከፈተችልኝም። አያሌው መቼ እንደሄደ አላየሁም።

ኤዶ ሳህራ አልተቆጣችኝም፤ ብትቆጣኝ ይሻለኝ ነበር። ሻሂ ቀዳችልኝና አጠገቤ ተቀመጠች። «እኔ የእሷ እኩያ ሆኜ ነው ሀርጌሳ በአውሮፕላን የተደበደበችው» አለችኝ። «በእግራችን ወደ እናንተ አገር ስንሸሽ እናቴ ከእኛ ተለየች፤ የት እንዳለች አናውቅም። ጅጅጋ አጠገብ ድንኳን ውስጥ ነው የመጣብኝ። ቆስዬ የምሞት መስሎኝ፣ ጥይት መትቶኝ ሳላውቅ ቀርቼ ነው ብዬ ሰውነቴን ስፈልግ ነበር። ያንተ አገር ሴት ናት ያገኘችኝ፤ ክሊኒኩን የምትጠርግ። ድሬ ከመግባቴ፣ አማርኛ ከማወቄ በፊት ነው፤ ቋንቋዋን አልሰማ፣ ቋንቋዬን አትሰማ። ነጠላዋን ቀደደችና እንዴት እንደማደርግ በእጇ አሳየችኝ። ከዚያ አቅፋኝ ተቀመጠች።» ሻሂዋን ፉት አለች። «ረድኤት እያለቀሰች በሬን ስታንኳኳ፣ ያቺ ሴት ናት ትዝ ያለችኝ። ምን ላድርግ፣ አባቷን ጥሪ ልበላት?»

አለቀስኩ፤ እውነቱን ለመናገር ሻሂው እስኪቀዘቅዝ አለቀስኩ። ባለቤቴ ያልጨረሰችው ቃል ያን ጊዜ ነው የገባኝ። ኤዶ ሳህራን ጠይቃት ልትለኝ ነበር። እሷ የምታምናትን ሴት እንዳምን ልትነግረኝ ስትል፣ እኔ በባለቤቴ ስም ያችኑ ሴት ከሰስኩ።

ረድኤት አኮረፈችኝ። ምግብ ታቀርባለች፣ አታናግረኝም። «ደህና አደርሽ» ስላት ራሷን ትነቀንቃለች። እናቷን ጦርነት ወስዶባታል፣ አባቷን ደግሞ እኔው ወሰድኩባት። ከሁሉ በላይ ያሳመመኝ፣ ሌላ ጊዜ አንድ ነገር ቢደርስባት ለእኔ የማትናገር መሆኗ ነው። ሰው አገር፣ ያለ እናት፣ የሚሰማት አባት የሌላት ልጅ ምን ትሆናለች? ይህ ሐሳብ ሥራ ላይ እንኳ አልለቅ አለኝ፤ የለሰንኩት ግድግዳ በዚያ ሳምንት ሁሉ ጎበጥ ጎበጥ ያለ ነው።

ለኤዶ ሳህራ ምን ልሥራ ብላት፣ ሄደህ ራስህ ግዛላት አለችኝ። ሞዴስ ማለቷ ነው። ዋሄን ሄድኩ። የመጀመሪያው ሱቅ ሴት ደንበኛ አለበት፣ አለፍኩት። ሁለተኛው ባለሱቁ ጢሙ ረጅም ነው፣ አፈርኩት። አንዱ ጋ ግን ልጅ እግር ሻጭ ብቻውን አገኘሁና ገባሁ። ለሴት ልጄ አልኩት፤ ያን ያህል ሶማሊኛ አለኝ። ለልጅህ ምን አለኝ። ለልጄ፣ ያው፣ ለስላሳ ነው፣ ነጭ ነው፣ እርጥበት ይይዛል እያልኩ በእጄ አሳየሁት። በእጄ ምን እንዳሳየሁት አትጠይቁኝ። ልጁ ፊቱ በራ። ከላይ አወረደና በጋዜጣ ጠቅልሎ፣ በጥቁር ፌስታል አስገብቶ ሰጠኝ። ሳላየው ሸሚዜ ውስጥ ከትቼ እየሮጥኩ ቤት ገባሁ።

ረድኤት ፊት ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩላትና ወደ ግድግዳው ዞርኩ። ጋዜጣው ሲንሿሿ ይሰማኛል። ከዚያ አንድ ድምፅ ሰማሁ፤ የምታለቅስ መስሎኝ ደንግጬ ዞርኩ። ረድኤት ሆዷን ይዛ እየሳቀች ነው። እጇ ላይ ያለው የሕፃን ዳይፐር ነው፤ ፊቱ ላይ ጥርስ የሌለው ሕፃን ይስቃል። «አባዬ፣ ይሄ እኮ እዚህ ጉልበቴ ላይ ነው የሚቀረው» አለችኝና እንደገና ሳቀች። እኔም አብሬ ሳቅሁ። ከሳምንት በላይ ያልሰማሁት ሳቅ ነው፤ ሌላም ዳይፐር ብገዛ በወደድኩ።

ስቃ ስታበቃ ለምን እንዳልነገረችኝ ጠየቅኳት። «አንተ እኮ ቴሌቪዥን ላይ የሞዴስ ማስታወቂያ ሲመጣ ዘለህ ቻናል ትቀይራለህ» አለችኝ። «አንድ ጊዜ ሪሞቱ ሲጠፋብህ ሶኬቱን ነቅለሃል።» እውነት ነው፤ ነቅያለሁ።

ትምህርት ቤታቸው አንዲት ነርስ መጥታ ሴቶቹን ለብቻ፣ ወንዶቹን ለብቻ አስቀምጣ፣ በሥዕል አድርጋ ሁሉንም አስተምራቸዋለች። «ሥዕሉን አውቀው ነበር» አለችኝ ረድኤት። «የመጣ ቀን ግን ሥዕሉ ጠፋብኝ። እማዬን ነበር የፈለግሁት።» እኔም ነበር የፈለግኳት፤ ይህንኑ ነገርኳት። ከዚያ እንድትታረቀኝ አንድ ነገር አዘዘችኝ። ቁጭ ብለህ ትማራለህ አለችኝ።

ቁጭ አልኩ። ጠመኔ አመጣችና፣ እኔው በለሰንኩት የጓዳ ግድግዳ ላይ ሥዕል ሣለች። እዚህ እንቁላል አለ፣ እዚህ ይወርዳል፣ እዚህ ቦታ ተዘጋጅቶ ይጠብቀዋል፣ ጽንስ ካልሆነ ይፈርሳል አለችኝ። ተዘጋጅቶ የሚፈርሰው የገባኝ እንደ ልስን አድርጌ ነው፤ ያው የማውቀው እሱን ነው። ገባህ ስትለኝ ገባኝ አልኩ። ድገመው አለችኝ። ስደግመው አንድ ቦታ ላይ እንቁራሪት አስገባሁበት፤ ከየት እንደመጣች የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ። ወንዶቹም ድምፃቸው ይወፍራል፣ ጉሮሯቸው ስለሚያድግ ነው ስትለኝ፣ «ጉንፋን አይደለም?» አልኳት። ጠመኔውን አስቀምጣ አየችኝ። የፌጦውን ነገር ስነግራት መሬት ላይ ተቀመጠች። ከዚያ የአክስቷን ኮሶ ስነግራት አልሳቀችም። «አክስቴ ታሳዝናለች» ነው ያለችው። ይህንን እኔ አስቤው አላውቅም ነበር።

በማግስቱ ዋሄን ተመለስኩና፣ ጢሙ ረጅም የሆነው ሰውዬ ጋ ገብቼ፣ ኤዶ ሳህራ ያስጠናችኝን ቃል አንድ በአንድ ተናገርኩ። እሱም ሴቶች ልጆች አሉት መሰለኝ፣ የትኛውን ትፈልጋለህ ብሎ ሁለት ዓይነት አወጣልኝ። የጓዳው ሥዕል እስካሁን አልጠፋም። ቀለም ልቀባው ስነሳ ረድኤት፣ ፈተና እስክታልፍ ይቆይ ትለኛለች።

ያቺ ይቅርታ ባይ ሴት ብዙ ወር አብራኝ ቆየች። ከዚያ አንድ እሁድ፣ ጋሽ ወርቁ ግቢ ጸሎት ጨርሰን ቆመን ሳለ፣ ከማላውቀው ቁጥር ተደወለ። ባለቤቴ ናት። መጀመሪያ ሁለታችንም ያለቀስን ይመስለኛል። በሕይወት አለች። መንገዱ ሊከፈት ነው፤ ልትመጣ ነው። ረድኤት ክንዴን ይዛ ትዘላለች፤ ጋሽ ወርቁ ያማትባሉ፤ አያሌው ዓይኑን ይጠርጋል። ስልኩን ሁሉም እንዲሰማ ከፍ አደረግኩት።

ባለቤቴ ትንሽ ስትረጋጋ ድምጿን ዝቅ አደረገች። «ያን ጊዜ ልነግርህ ጀምሬ የተቋረጠው ነገር…» አለች። «ስለ ረድኤት… እያደገች ነው እኮ… ያው፣ ሆዷን ምናምን ሊላት ይችላል… እንዴት ብዬ ልንገርህ…»

«የወር አበባዋን ነው?» አልኳት። አያሌው ወደ ሰማይ አየ፤ ጋሽ ወርቁ አልሄዱም። «መጥቷል እኮ፣ ቆየ። ደህና ነች። ሆዷን ሲያማት ሙቅ ውሃ በሃይላንድ አድርጌ እሰጣታለሁ። ሞዴሱን እኔ ነኝ የምገዛላት፤ ባለ ክንፉን ነው የምትወደው።»

ከወዲያ ማዶ ድምፅ ጠፋ። መስመሩ የተቋረጠ መስሎኝ ሃሎ፣ ሃሎ አልኩ። ከዚያ የባለቤቴ ድምፅ፣ በትህትና፣ በጣም በዝግታ መጣ።

«ይቅርታ ወንድሜ፣ ባለቤቴን ነበር የፈለግሁት።»